ጠባቂ የሌለው ስታቢላይዘር

በኮሌጁ ኮምፒውተር ክፍል ውስጥ የነበርነው እነዚህ ነን። ዲኑ ከሰሌዳው በስተቀኝ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆሟል። መምህርቷ፣ የእኔ ተከራይ፣ ከፕሮጀክተሩ አጠገብ ላፕቶፗ ላይ ጎንበስ ብላለች። የቀድሞው አለቃዬ በፊተኛው ረድፍ መካከል፣ ለእሱ ተብሎ ከዲኑ ቢሮ በመጣ ባለ መደገፊያ ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ ከዘራውን በጉልበቶቹ መካከል ይዞታል። ከመጋላ ሠፈር የመጣው የድሮ የሥራ ባልደረባዬ መስኮቱ ሥር ቆሟል። ተማሪዎቹ ሃያ ያህል ይሆናሉ፤ ወንበር ያገኙት ተቀምጠዋል፣ ያላገኙት ግድግዳውን ተደግፈዋል። እኔ በሩ አጠገብ ነበርኩ። ወንበር ቢቀርብልኝም አልተቀመጥኩም። በትከሻዬ የጨርቅ ቦርሳ ይዣለሁ፤ በውስጡ ሰማያዊ ሽፋን ያለው ደብተር አለ።

እያንዳንዱ የነበረበትን ቦታ የጻፍኩት ያለ ምክንያት አይደለም። ከብዙ ዓመት በፊት፣ እኔ በሰው ፊት የተዋረድኩ ቀንም ማን የት ቆሞ እንደነበር እንዲሁ አስታውሳለሁ። የመጋላው ሰው ያኔም መስኮት ሥር ነበር።

የሠራሁበትን ድርጅት ስም አልጽፍም። ዛሬ የለም፤ ግቢውም ለሌላ ነገር ውሏል። አሥራ ሁለተኛ ክፍል እንደጨረስኩ ጥገና ክፍሉ ውስጥ ተቀጠርኩ። ሥራችን የተቃጠለ ሞተርና ትራንስፎርመር ሽቦውን ፈትቶ አዲስ መጠምጠም ነበር። እኔና የመጋላው ሰው ጎን ለጎን እንቀመጥ ነበር። እሱ ሲጠመጥም በሶማልኛ ያንጎራጉራል፤ እኔ ዙሩን ዝም ብዬ እቆጥራለሁ። ኋላ ስታቢላይዘር ራሳችን መሥራት ጀመርን፤ ንድፉን ያወጣሁት እኔ ነኝ።

ስታቢላይዘር መብራት ሲደክም የሚደግፍ፣ ሲበረታ ድጋፉን የሚያነሣ ሣጥን ነው። ከውስጡ ጥቅል ሽቦ አለ፤ ሪሌ የምትባል ትንሽ ማብሪያ ማጥፊያ የትኛው የሽቦው መውጫ እንደሚሠራ ትመርጣለች። ምርጫዋ ግን ጊዜ ይፈልጋል። የዚህን ጊዜ ልክ ከመጽሐፍ አላገኘሁትም። ያኔ በከተማችን ሳይረን ነበር። ቀትር ላይ ሳይረኑ ሲነፋ ፋብሪካው ሁሉ ማሽኑን በአንድ ጊዜ ያጠፋል፤ ሰው ለምሳና ለቀትር እንቅልፍ ወደ ቤቱ ይሄዳል። በዚያች ቅጽበት ሲያንቀላፋ ያረፈደው መብራት ይዘላል። እናቴ ሳይረን በነፋ ቁጥር ተሯሩጣ ሬዲዮዋን ታጠፋ ነበር። ለምን ስላት «ይቆጣል» ትለኛለች፤ ከዚያ በላይ አታውቅም። በየቤቱ እንዲሁ ነበር። የድሬዳዋ ልጅ ሆኖ ሳይረን ሲነፋ ሬዲዮ የሚከፍት አልነበረም።

ስታቢላይዘሩ ሬዲዮ አይደለም፣ ማንም ሮጦ አያጠፋውም። ጠዋቱን ሙሉ የደከመውን መብራት ሲደግፍ ይቆያል፤ ሳይረኑ ሲነፋ ድጋፉን እስኪያነሣ ጥቂት ሴኮንድ ይፈጅበታል። በእነዚያ ሴኮንዶች ከሣጥኑ የሚወጣው ሦስት መቶ ቮልት ነው። ለዚህ ብዬ አንዲት ሌላ ሪሌ ጨመርኩ። መብራቱ ሲዘል መውጫውን ትቆርጣለች፣ ሦስት ደቂቃ ትጠብቅና ትመልሳለች። ጠባቂ አልናት።

አለቃችን ከአዲስ አበባ ተመድቦ የመጣ ኢንጂነር ነበር። በእኛ ከተማ ትልቁም ትንሹም «አንተ» ይባባላል፤ እሱ «እርስዎ» እንድንለው ፈለገ፣ አልነው። የድርጅቱ ክሊኒክ ከቢሮው ጎን ስለነበር የመድኃኒቱ ማቀዝቀዣና የእሱ ማራገቢያ በአንድ ስታቢላይዘር ላይ ነበሩ። ቀትር ላይ ሶፋው ላይ ጋደም ሲል ጠባቂዋ ማራገቢያውን ሦስት ደቂቃ ታቆምበታለች። በድሬዳዋ ቀትር ሦስት ደቂቃ ያለ ማራገቢያ ምን እንደሆነ የኖረበት ያውቃል። ግን የምናወራው ስለ ሦስት ደቂቃ ነው።

«ይህቺን ነገር አውጪልኝ» አለኝ አንድ ቀን፣ ሸሚዙ ከጀርባው ተጣብቆ።

«ኢንጂነር፣ ከወጣች ማቀዝቀዣው ይቃጠላል።»

«ማን ነው የተማረው፣ አንቺ ነሽ እኔ?»

«እርስዎ ነዎት።»

«እንግዲያው አውጪያ።»

አወጣኋት። በቦታዋ ቀጥ ያለ ሽቦ አገናኘሁ። ከዚያም በሳይረን ሰዓት የሚወጣውን ለክቼ እንደ ደንቡ በደብተር ጻፍኩ። በክፍላችን የተለካ ሁሉ፣ የተቀየረ ሁሉ በፍተሻ ደብተር ይጻፋል፤ ቅዳሜ ቅዳሜ አለቃው እያንዳንዱን ገጽ ይፈርማል። ጠባቂዋ ከወጣች በኋላ ጥቂት ቀን ማራገቢያው በሳይረን ሰዓት ለአራት ሴኮንድ እንደ አውሮፕላን ሲጮኽ እሰማው ነበር። ደስ ብሎት ሳይሆን አይቀርም።

ማቀዝቀዣው በአሥራ ዘጠነኛው የሥራ ቀን ተቃጠለ። መድኃኒቱ ተበላሸ። ኮሚቴ ተቋቋመ፣ ደብተሩም ለማስረጃ ተብሎ ተወሰደ፤ የከፈተው ግን የለም። ሠራተኛው ሁሉ ጥገና ክፍሉ ውስጥ ተሰብስቦ ሳለ አለቃዬ የተቃጠለውን ሞተር በእግሩ ገፋ አድርጎ «ሴት የጠመጠመችው ሽቦ ይኸው ነው» አለ። ሳቁ። የመጋላው ሰውም ሳቀ። ሞተሩን እኔ አልጠመጠምኩትም፤ ከነማቀዝቀዣው ከውጭ የመጣ ነው። እኔ የጠመጠምኩት ስታቢላይዘሩን ነበር። ይህን የጠየቀ የለም፤ እኔም አልተናገርኩም። ደብዳቤ ተጻፈልኝ። «በጥቅል ስሕተትና በቸልተኝነት» ይላል። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጡረታ እስከምወጣ ዕቃ ግምጃ ቤት ሠራሁ። ለሠራተኛው የሥራ ልብስና ሳሙና ማደል ነበር ሥራዬ።

ሁለት ዓመት ያህል ቆይቶ የኮሚቴው ሰነድ በካርቶን ታሽጎ ይቀመጥ ተብሎ ወደ ግምጃ ቤቱ መጣ። ተቀብዬ የፈረምኩት እኔ ነኝ። ደብተሩ በውስጡ ነበር። ገጹን ገለጥኩት። የጻፍኩት እንዳለ ነው፤ ከሥሩ የቅዳሜው ፊርማ አለ። ሳያነብ ፈርሞበታል።

ያን ጊዜ እሱ ሥራ አስኪያጅ ሆኗል፤ አቤቱታ የሚገባው ለእሱ ነው። ካርቶኑን መልሼ ዘጋሁትና ከላይኛው መደርደሪያ አኖርኩት። በየዓመቱ ቆጠራ ሲደረግ አውርጄ መኖሩን አያለሁ። ጡረታ በወጣሁበት ዓመት ድርጅቱ ሲዘጋ ወረቀቱ ሁሉ ይቃጠል ተባለ። ደብተሩን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ወጣሁ። ሰረቅሽ የሚለኝ ካለ አልከራከርም።

መምህርቷ ከግቢዬ አንዱን ክፍል ከተከራየች ሁለት ዓመት ሆኗታል። ኮሌጁ ውስጥ ኤሌክትሪክ ታስተምራለች። ተማሪዎቿ ሲጨርሱ አብዛኞቹ ኢንዱስትሪ ፓርኩ ውስጥ ሥራ ይፈልጋሉ፤ ኮሌጁ ግን እየነካኩ የሚማሩበት ዕቃ ብዙ የለውም። ስለዚህ በኮምፒውተር ታስተምራቸዋለች። በነጻ የሚገኝ ፕሮግራም አለ። ባትሪውን፣ አምፖሉን፣ ሞተሩን በስክሪኑ ላይ እየጎተቱ በሽቦ ያገናኛሉ፤ መብራቱ በየት በኩል ምን ያህል እንደሚሄድ ያሳያቸዋል። ቢሳሳቱ የሚቃጠለው ሥዕሉ ነው። ስታቢላይዘር ግን በፕሮግራሙ ውስጥ አልነበረም። የሠሩት ሰዎች መብራት በማይዋዥቅበት አገር የሚኖሩ ይመስለኛል። እሷ ልትጨምረው ተነሣች።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ፀሐዩ ሲበርድ፣ ከግቢዬ የኒም ዛፍ ሥር ተቀምጬ የሽሮ አተር ስለቅም ላፕቶፗን ይዛ መጣች።

«እማማ፣ አንቺ ድሮ ጥገና ክፍል ያለው ድርጅት ውስጥ ሠርተሻል አይደል? እስቲ ይቺን እይልኝ።»

አየሁ። ከላይ የተጣመመ መስመር፣ ከታች እንደ ማስመሪያ ቀጥ ያለ መስመር።

«መቶ ሃምሳ አስገባሁ፣ ሁለት መቶ ሃያ ወጣ። ሁለት መቶ ሃምሳ አስገባሁ፣ ያው ሁለት መቶ ሃያ ወጣ» አለች ደስ ብሏት።

«ወዲያው?»

«ወዲያው።»

«ይህ ስታቢላይዘር አይደለም» አልኳት። «መልአክ ነው።»

ሳቀች። «ታዲያ እውነተኛው ምን ያደርጋል?»

«ያመነታል።»

ሳቋን አቆመች። ተማሪዎቿ ከማስተማሪያው መጽሐፍ እያዩ የሠሯቸው ሁለት ስታቢላይዘሮች ሠፈር ውስጥ ቴሌቪዥን እንዳቃጠሉ፣ ምክንያቱን ግን እንዳላገኘችው ነገረችኝ። መጽሐፉን አምጪው አልኳት። አመጣች። ንድፉ የእኔ ነው። ሰው የራሱን የእጅ ጽሑፍ እንደሚያውቅ መስመሮቹን አወቅኳቸው። ጠባቂዋ ብቻ የለችም፤ በነበረችበት ቦታ ቀጥ ያለ መስመር ተሰምሯል። ከሥዕሉ ሥር «ንድፍ» ይልና የእሱ ስም ከነማዕረጉ ይከተላል።

«እኚህ ሰውዬ አሉ?» አልኳት።

«አሉ እንጂ! የኮሌጁ አማካሪ ናቸው። ይህ ሲያልቅ እሳቸው ባሉበት ነው የምናስመርቀው።»

አተሩን ወደ ጎን አደረግኩ። ወደ ቤት ገብቼ ደብተሩን ከሣጥን አወጣሁ። በእጇ አልሰጠኋትም፤ ቁጥሩን እያነበብኩ አስጻፍኳት። ከየት እንዳመጣሁት ጠየቀችኝ፤ ከድሮ ሥራዬ ነው አልኳት። ከዚህ ሌላ አልነገርኳትም።

ሳምንታት ወሰደብን። እሷ ከሥራ ስትመለስ፣ እኔ የቤቴን ጉዳይ ጨርሼ፣ ኒሟ ሥር እንገናኛለን። እንዲህ አስረዳችኝ፦ በፕሮግራሙ ውስጥ ማንኛውም ዕቃ ሣጥን ነው፤ የሚገባውና የሚወጣው ይታያል፣ በመካከል የሚሆነውን የምንጽፈው እኛ ነን። የእኔም የሥራ ፋይል እንዲሁ ነበር። የገባሁበት ይታያል፣ የወጣሁበት ይታያል። በመካከል የሆነውን የጻፈው እሱ ነው።

መጀመሪያ ሪሌዋን ስታስገባ ፕሮግራሙ እብድ ሆነ። መስመሩ ከፍ ዝቅ፣ ከፍ ዝቅ ይላል፤ ኮምፒውተሩ ደረቀ።

«ምን አጠፋሁ?» አለች።

«ምንም አላጠፋሽም። እውነተኛዋም እንዲህ ትንጫጫለች። በምትይዝበትና በምትለቅበት መካከል ክፍተት ስጫት። እኛ አሥር ቮልት እንተው ነበር።»

አሥር ቮልት ጻፈችላት። ጸጥ አለች። መምህርቷ ቀና ብላ ለረጅም ጊዜ አየችኝ።

«እማማ፣ ግምጃ ቤት ነበርኩ አላልሽኝም?»

«ነበርኩ።»

ቀጥሎ ሞተር አስገባች፤ ከመጠን በላይ መብራት ሲገባበት የሽቦው ልባስ በየቀኑ ጥቂት ጥቂት እየተጎዳ እንዲሄድ አደረገች። ሲበቃው ይቀላል፣ ከላዩ ትንሽ የጭስ ሥዕል ይወጣል። በመጨረሻ የቀትሩን ዝላይ ከደብተሩ ላይ እንዳለ አስገባነው። ስሙን ምን ልበለው ስትለኝ «ሳይረን» አልኳት። ሳይረን ከቆመ ብዙ ዘመኑ ነው፤ መብራት ሄዶ ሲመለስ ግን ያንኑ እንደሚያደርግ የማያውቅ የለም።

«ለኢንጂነሩ ቀድሜ ላሳያቸው?» አለችኝ።

«አታሳዪው። ከተማሪዎቹ ጋር ይየው።»

«ለምን?»

«ደስ ይለዋል።»

ዋሸሁ። በዚህ ጉዳይ የዋሸሁት ይህን ብቻ ነው። ቁጥሩ ላይ አልዋሸሁም። አንድ ቁጥር እንኳ ብነካ እሱ ያችን ይዞ ያመልጣል።

እንዲያውም አንዷ ቁጥር በውሃ ተበላሽታ ነበር፤ ሪሌዋ የምታመነታበት ሴኮንድ። አራት ይሁን ዘጠኝ አይለይም። በልቤ አራት ነበር፣ በልቤ ያለውን ግን ማስጻፍ አልፈለግኩም። አሸዋውን፣ ደረቁን ወንዝ፣ ተሻግሬ መጋላ ሄድኩ። የድሮ ባልደረባዬ የኤሌክትሪክ ዕቃ ሱቅ አለው፤ ዛሬ የሚሸጠው ከውጭ የሚመጣውን፣ ቁጥር የሚያበራውን ስታቢላይዘር ነው።

«አቦ ይቺ ሴትዮ አልሞተችም እንዴ!» አለ ከወንበሩ ሳይነሣ። በሶማልኛ ወደ ጓዳ ጮኸ፣ ሚስቱ ሻይ አመጣችልኝ።

«አንተም አልሞትክም።»

«ማን ፈቅዶልኝ? አሥራ አንድ የልጅ ልጅ አለኝ፣ ተራ አይደርሰኝም።»

«ያቺ የድሮ ሪሌያችን ስንት ሴኮንድ ነበር የምታመነታው?»

አላሰበም። ጣቱን በባንኮው ላይ አነሣ። ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ አደረገና በመዳፉ መታው። «ጧ! አራት። ወላሂ አራት ናት። ጆሮዬ ውስጥ አለች።» ከዚያ ጣቱ ቆመ። «ምን ልታደርጊበት ነው?»

ነገርኩት። ሁሉንም፤ ደብተሩንም። ለሰው ስነግር ያ የመጀመሪያዬ ነው። ሻዬ ቀዘቀዘ።

«ተይው አቦ፣ እህቴ» አለኝ። «ሰውዬው አርጅቷል። በከዘራ ነው የሚሄደው።»

«አውቃለሁ። ለዚህ ነው የቸኮልኩት።»

ገዢ መጣ፣ የለም ብሎ መለሰው፤ የጠየቀው ዕቃ ግን ከጀርባው ተደርድሯል።

«ያኔ ስቄያለሁ» አለ።

«ስቀሃል።»

«ሁሉም ሲስቅ ነው የሳቅኩት።»

«መስኮቱ ሥር ቆመህ ነበር።»

«እና ምን ላድርግልሽ?»

«ና። እዚያው ቁም።»

መጣ። የት ብሎም አልጠየቀኝም፤ ክፍሉ ውስጥ ገብቶ መስኮት ፈለገና ሥሩ ቆመ።

ዲኑ ንግግር አደረገ። ለተማሪዎቹ ታላቅ ቀን ነው አለ፣ ንድፉን ስላበረከቱልን አለ፣ ተጨበጨበ። አለቃዬ ከዘራውን ከፍ አድርጎ አመሰገነ። ከዚያ ዲኑ ወደ እኔ አመለከተ። «እኚህ እናት ደግሞ መምህርታችንን በሐሳብ ረድተዋታል።»

አለቃዬ ወንበሩ ላይ ዞር ብሎ አየኝ። መጀመሪያ አላወቀኝም። ቀስ እያለ መጣለት።

«አሃ! ግምጃ ቤት የነበርሽው አይደለሽም? ሳሙና የምታድዪን?»

ተማሪዎቹ ሳቅ አሉ፤ ክፋት አልነበረበትም።

«ነኝ» አልኩ።

መምህርቷ ሥራዋን ጀመረች። የመጽሐፉን ንድፍ በሰሌዳው ላይ አወጣችው፤ ከላዩ የእሱ ስም በትልቁ ተጽፏል። እሱ ራሱን እየነቀነቀ እያንዳንዱን መስመር አጸደቀ። ከአንዱ ጫፍ ሳይረንን አገናኘች፣ ከሌላው የማቀዝቀዣ ሞተር። «አሁን ቀትር ነው» አለችና ነካችው።

መስመሩ ዘለለ። ከመስኮቱ ሥር የጣት ድምፅ ሰማሁ፤ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ። መስመሩ ተመለሰ። «ሁለተኛ ቀን» አለች። ዘለለ፣ ተመለሰ። ሞተሩ ከአረንጓዴ ወደ ቢጫ መሄድ ጀመረ። ስምንተኛ ቀን። አሥረኛ ቀን። ተማሪዎቹ አብረዋት መቁጠር ጀመሩ። በአሥራ ሰባተኛው ቀን ሞተሩ ቀላ፣ የጭሱ ሥዕል ወጣ። በእውነቱ አሥራ ዘጠነኛው ቀን ነበር፤ ኮምፒውተሩ ሁለት ቀን ቸኮለ።

«ውይይ!» አሉ ተማሪዎቹ። አንደኛዋ ከግድግዳው ጥግ «ቲቸር፣ ይህን ማን ነው የሠራው?» አለች። ሌሎቹ ወደ ሰሌዳው፣ ወደ ስሙ አዩ።

«ጥቅሉ ነው» አለ አለቃዬ። «የጥቅል ስሕተት ነው። ዙሩ ተሳስቶ ገብቷል።»

ደብዳቤዬ ላይ ያለው ቃል ነው። እሱ ያስታወሰው አይመስለኝም፤ አፉ ለምዶታል።

«ጥቅሉ ትክክል ነው፣ ኢንጂነር» አለች መምህርቷ፣ ምንም ሳታውቅ፣ በአክብሮት። «ሌላ ነገር ሳልነካ ላሳይዎት። ይቺን አንዲት ሪሌ ብቻ ልጨምር።» ጠባቂዋን ጎትታ በቀጥታው መስመር ቦታ አስገባቻት። ሳይረኑን ነካችው። መስመሩ ሊዘል ሲል ተቆረጠ፣ ቆየ፣ በልኩ ተመለሰ። አሥራ ሰባተኛው ቀን አለፈ። አርባኛው አለፈ። ሞተሩ አረንጓዴ ነው።

አለቃዬ ከዘራውን ወለሉ ላይ መታ። «ኮምፒውተር የሰጡትን ነው የሚያወራው! ይህ ሳይረን የሚሉት ቁጥር ከየት መጣ? ማን ለካው?»

ይህን ጥያቄ ስጠብቅ ነው የኖርኩት። ከበሩ ተነሥቼ ወደ ፊተኛው ረድፍ ሄድኩ፤ ደብተሩን ከቦርሳዬ አወጣሁ፣ ገጹን ገልጬ በጉልበቱ ላይ አኖርኩለት።

መነጽሩን ሲፈልግ ዲኑ ጎንበስ ብሎ ጮክ ብሎ አነበበው። «‹ጠባቂዋ በኃላፊው የቃል ትእዛዝ ወጥታለች። ምክንያት፦ በምሳ ሰዓት የቢሮውን ማራገቢያ ታቋርጣለች። ማስታወሻ፦ ከወጣች ወዲህ በሳይረን ሰዓት የሚወጣው ሦስት መቶ ቮልት ነው፤ ማቀዝቀዣው ሊቃጠል ይችላል።›» ቀና አለ። «ከሥሩ ፊርማ አለ።» ጠረጴዛው ላይ ካለው መጽሐፍ የመጀመሪያውን ገጽ ገለጠ፤ እዚያም በመቅድሙ ሥር ፈርሟል። ዲኑ አንዱን አየ፣ ሌላውን አየ፣ መጽሐፉን ዘጋው።

«ቅዳሜ ቅዳሜ ሳታነብ ነበር የምትፈርመው፣ አንተ!» አለ የመጋላው ሰው ከመስኮቱ ሥር። «እስክሪቢቶ የማቀብልህ እኔ ነበርኩ፣ አቦ! አንድ ገጽ እንኳ አላነበብክም። ሞተሩን ደግሞ እሷ አልጠመጠመችውም። ያኔ አውቅ ነበር። ስቄ ዝም አልኩ።»

አለቃዬ ገጹን በጣቱ ነካው።

«ይህን ደብተር ከየት አገኘሽው?»

«እርስዎ ከላኩኝ ቦታ፣ ከግምጃ ቤት።»

ሊነሣ ሲል ከዘራው ከእጁ አመለጠ። ከእግሬ አጠገብ ነበር የወደቀው። አላነሣሁትም። መምህርቷ መጥታ አነሣችለት፣ ቀና ስትል ዓይን ለዓይን ተያየን።

«እማማ፣ ይህን ሁሉ ታውቂ ነበር?»

«አውቅ ነበር።»

«እኔንስ ለምን አልነገርሽኝም?»

ዲኑ ጉሮሮውን ጠረገ። «መልካም» አለ ፈጠን ብሎ። «ስሕተት በማንም ላይ ይደርሳል። እንግዲህ ጠባቂ ያለው ብቻ ይግባ፤ ያኛውን ከፕሮግራሙ እናውጣው፣ ስሙንም እናንሣው፣ በዚህ እንዝጋው።»

«አይውጣ» አልኩ።

ድምፄን ከፍ አላደረግኩም። ግን ሁሉም ዞሩ።

«ሁለቱም ይግቡ። ጠባቂ ያለው የሰው ስም አያስፈልገውም፤ ስታቢላይዘር ተብሎ ይግባ። ጠባቂ የሌለው በእሱ ስም ይቀመጥ። የሚማር ሁሉ አንድ አንድ ጊዜ ያቃጥለው።»

«እንዲያውም ለማስተማር…» አለ አንድ ተማሪ፣ አልጨረሰውም።

አለቃዬ ከወንበሩ ቀና ብሎ አየኝ። «ስሜን አንሺልኝ» አለ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ሰማንያ ሊሞላኝ ነው። የልጅ ልጆቼ እዚህ ይማራሉ። እባክሽ፣ እህቴ፣ ስሜን አንሺልኝ።»

የመጋላው ሰው ወደ መስኮቱ ዞረ። ዲኑ መሬት መሬት አየ። መምህርቷ እጇን ላፕቶፑ ላይ አድርጋ እኔን ትጠብቃለች፤ ዓይኗ ውስጥ ምን እንዳለ ላነብ አልሞከርኩም።

ደብተሩን ከጉልበቱ ላይ አነሣሁ። ዘጋሁት፣ ወደ ቦርሳዬ መለስኩት።

«አስቀምጪው» አልኳት።

ነካችው። ስሙ ከዕቃዎቹ ዝርዝር ውስጥ፣ በሞተሩና በአምፖሉ መካከል ገባ።

ጃንጥላዬን ከበሩ ጀርባ አንሥቼ ወጣሁ።